ከፅንስ ማቋረጥ በኋላ የሚከሰት የደም መልስ ችግር አመዘጋገብ

ፅንስ ያቋረጠች ሴት ከቀናት በኋላ አንድ እግሯ አብጦ ከአርሲ ደጋ ወደ አሰላ ለሕክምና ብትመጣ፣ በካርዷ ላይ «የእግር እብጠት» ብሎ ማለፍ መንስኤውን ይሰውራል። በጥልቅ ደም መልስ ውስጥ የረጋ ደም ወደ ሳንባ ተጉዞ ሊገድል ይችላልና ምርመራው ሊዘገይ አይገባም።

በዓለም አቀፉ የበሽታዎች ምደባ 10ኛ ክለሳ፣ ውርጃው ቀደም ሲል ታክሞ ሕመምተኛዋ በዚሁ ችግር ስትመለስ ኮዱ ኦ08.7 ነው፤ የረጋው ደም ሳንባ ከደረሰ ኦ08.2 ይሆናል። ችግሩ ፅንሱ በተቋረጠበት የሕክምና ቆይታ ከታየ ኦ04 ይቀድማል፤ ኦ08.7 ለማብራሪያ ይታከላል። በእርግዝና ወቅት የሚከሰተው ኦ22፣ ከወሊድ በኋላ የሚከሰተው ኦ87 ስለሆነ መምታታት የለባቸውም።

ኮድ ሰጪው የሚያየው የተጻፈውን ብቻ ነው። ስለዚህ ሐኪሙ ውርጃው የተፈጸመበትን ቀንና የሕመሙን ስም በግልጽ ያስፍር፤ አለበለዚያ ሕመሙ ከእርግዝና ጋር ሳይያያዝ ይቀራል።