ሠዓሊው ሲያጠፋ

የሠዓሊ ዘጋቢ ፊልም ኤዲት ለማድረግ ስቀመጥ ከአዘጋጆች ቀድሞ የሚደርሰኝ ማሳሰቢያ «ቶሎ ወደ ሥዕሉ ግባ» የሚል ነው። ጥሬ ምስሉ ላይ ግን ሠዓሊው ቆሞ ሸራውን ያያል። ብሩሹን ያነሣል፣ መልሶ ያስቀምጠዋል። ሲለፋበት የቆየውን በጨርቅ ይጠርገዋል። ብዙዎች ይህ ተቆርጦ እንዲወጣ ይፈልጋሉ፤ እኔ አልስማማም። ምክንያቴንም ከእኔ አብልጦ የሚያስረዳልኝ የአንሪ ዦርዥ ክሉዞ ፊልም «የፒካሶ ምስጢር» ነው።

ክሉዞ እ.ኤ.አ. በ1955 ኒስ ውስጥ፣ በቪክቶሪን ስቱዲዮ ፊልሙን ሲቀርጽ የፒካሶን ሕይወት ልተርክ አላለም። ቀለም የሚያሳልፍ ወረቀት አስወጥሮ ካሜራውን ከወረቀቱ ጀርባ አቆመ። ሠዓሊው ከወዲያ ሲሥል ቀለሙ ሰርጎ ወዲህ ይወጣል፤ እጁም ብሩሹም ሳይታይ መስመሩ ብቻ ይሄዳል፣ ይታጠፋል፣ ዓሣ የመሰለን ዶሮ ይሆናል።

የዘይት ቀለሙን ሥራ በዚህ መንገድ ማሳየት አልተቻለም። ስለዚህ ፒካሶ ጥቂት ቀብቶ ዘወር ሲል ሸራው እየተቀረጸ፣ ምስሎቹ ተቀጣጥለው ሥዕሉ ዓይናችን ሥር ይለዋወጣል። ክሉዞ፣ ተመልካች ይህን በአሥር ደቂቃ የተሠራ እንዳይመስለው ሲሰጋ፣ ፒካሶን ስንት ሰዓት እንደፈጀበት ይጠይቀዋል። መልሱ አምስት ሰዓት ነው። ይህን ንግግር ከፊልሙ አላወጡትም፤ ጊዜውን ማሳጠራቸውን ለተመልካቹ በግልጽ ነገሩት። ለእኔ ሙያ ይህ ትልቅ ታማኝነት ነው።

ደጋግሜ የማየው ግን የላ ጋሩፕ የባሕር ዳርቻ ሥዕል የሚሠራበትን ክፍል ነው። ሰዎች ይመጣሉ፣ ይጠፋሉ፤ አማረ ያልነው ቦታ በሌላ ቀለም ይሸፈናል። ማየቱ ያስጨንቃል፤ «ኧረ ተወው፣ በቃ!» ያሰኛል። በመጨረሻ ፒካሶ ራሱ ሥራው እንዳልሆነለት ተናግሮ፣ አዲስ ሸራ ይዞ እንደገና ይጀምራል። ያልተሳካው ሸራ ባይታይ ኖሮ፣ ሁለተኛው ላይ የምናየው እርግጠኝነት ከየት እንደመጣ ማን ይረዳው ነበር?

አሁን እጄ ላይ ባለው ፊልም ሠዓሊዋ አንድን ፊት እየሠራች ደጋግማ ስትፍቀው ይታያል። ትዕይንቱን ሙሉውን አቆይቼዋለሁ። ፊልሙ ረዘመ ከተባለ ከቃለ መጠይቁ ይቀነስ።