ድልድይ ሠሪዎቹና የዘገየችው ደብዳቤ

ጦርነት በተነሳ ቁጥር ወሬው ሁሉ ስለ ጄኔራሉና ስለ ተኳሹ ነው። ጦሩ የተሻገረበትን ድልድይ ማን ሠራው ብሎ የሚጠይቅ ጥቂት ነው። ዛሬ ላጫውታችሁ የፈለግሁት በአሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት መጋዝና መዶሻ ይዘው ስለዘመቱ ሰዎች ነው፤ ስለ 50ኛው የኒውዮርክ መሐንዲስ ሬጅመንት። (ቀኖቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ሬጅመንቱ የተቋቋመው በ1861 ኤልሚራ በምትባል የኒውዮርክ ግዛት ከተማ ነው። መሥራቹ ቻርልስ ስቱዋርት በሙያው መሐንዲስ ነበር። ሰዎቹ መጀመሪያ የተመዘገቡት እንደ እግረኛ ወታደር ቢሆንም፣ ብዙዎቹ የእጅ ሙያ ያላቸው ስለነበሩ ብዙም ሳይቆዩ ወደ መሐንዲስነት ተዛወሩ። ታዲያ ሥራው መጣ እንጂ ሕጉ አልመጣም። በጊዜው ሕግ የበጎ ፈቃድ መሐንዲስ የሚባል ወታደር አልነበረም። ኮንግረስ ጁላይ 17 ቀን 1862 ባወጣው ሕግ እስኪያውቃቸው ድረስ ሥራቸው የመሐንዲስ፣ መዝገባቸው ግን የእግረኛ ሆኖ ቆየ።

ዋና ሥራቸው ተንሳፋፊ ድልድይ መዘርጋት ነበር። ነገሩ እንዲህ ነው፦ ታቹ ጠፍጣፋ የሆነ፣ ዘጠኝ ሜትር ያህል የሚረዝም የእንጨት ጀልባ በጋሪ ተጭኖ፣ በበቅሎ እየተጎተተ ከጦሩ ጋር ይጓዛል። ወንዝ ሲደረስ ጀልባዎቹ ጎን ለጎን ውኃው ላይ ይደረደሩና በመልህቅ ይታሰራሉ። ከጀልባ ጀልባ ወፍራም አግዳሚ እንጨት ይጋደማል፤ በላዩ ሳንቃ ይነጠፋል። በቃ፣ እግረኛውም ፈረሱም መድፉም ያልፍበታል። ሲያልቅ ተነቅሎ እንደገና ጋሪ ላይ ይጫናል።

ኖቬምበር 1862 የሰሜኑ ጦር አዛዥ ጄኔራል በርንሳይድ በቨርጂኒያ የራፓሃኖክን ወንዝ በፍሬድሪክስበርግ ከተማ በኩል ተሻግሮ ወደ ደቡቦቹ ዋና ከተማ ሪችመንድ ለመገስገስ አሰበ። ዕቅዱ ያረፈው በፍጥነት ላይ ነው፤ የደቡቡ ጄኔራል ሊ ሳይሰበሰብ መሻገር። ጀልባዎቹ ግን ያኔ ሜሪላንድ ውስጥ፣ በፖቶማክ ወንዝ ዳር በርሊን በምትባል መንደር ነበሩ። «ጀልባዎቹን ነቅላችሁ ወደ ዋሽንግተን አምጡ» የሚለው ትእዛዝ ኖቬምበር 6 ተጻፈ። ቴሌግራፍ እያለ በፖስታ ተላከና የሬጅመንቱ ሻለቃ ስፖልዲንግ እጅ የገባው ከስድስት ቀን በኋላ ነው። ከዚያ ደግሞ ጋማ ከብት ጠፋ፤ ዝናብ ጣለ፤ መንገዱ ጭቃ ሆነ።

የበርንሳይድ ቀዳሚ ጦር ኖቬምበር 17 ወንዙ ዳር ሲደርስ ከተማዋን የሚጠብቃት ጥቂት ወታደር ብቻ ነበር። ጀልባዎቹ ብቅ ያሉት ከሳምንት በኋላ ነው። እስኪሻገሩ ድረስ ደግሞ ሊ ከ70,000 በላይ ሰው ከከተማዋ ጀርባ ኮረብታው ላይ አስፍሮ ጨርሶ ነበር።

ዲሴምበር 11 ከሌሊቱ ዘጠኝ ሰዓት ገደማ መሐንዲሶቹ በጭጋግ ተሸፍነው ሥራ ጀመሩ። ወገግ ሲል፣ ከወዲያኛው ዳር በየቤቱና በየምድር ቤቱ የመሸጉ የሚሲሲፒ አልሞ ተኳሾች ጥይት ያዘንቡባቸው ጀመር። ወንዙ ስፋቱ ከ120 ሜትር ብዙም አይበልጥም። ሁለት እጁ ሳንቃ የያዘ ሰው ጠመንጃ መያዝ አይችልም። እየወደቁ ይመለሳሉ፤ ትንሽ ጋብ ሲል እንደገና ይገባሉ። የሬጅመንቱ መቶ አለቆች እንኳ አልዳኑም፤ ካፒቴን አውግስጦስ ፐርኪንስ እዚያው ተገደለ፤ ካፒቴን ዌስሊ ብሬይነርድ ቆሰለ።

150 ገደማ መድፎች ከተማዋን ደበደቧት። ጭሱ ሲገለጥ ተኳሾቹ ተመልሰው መጡ። በመጨረሻ ከሰዓት በኋላ እግረኞች በእነዚያው የድልድይ ጀልባዎች እየቀዘፉ ተሻገሩና በየመንገዱ ተዋግተው ዳሩን አስለቀቁ። ድልድዩ የተጠናቀቀው ከዚህ በኋላ ነው።

ግን ምን ዋጋ አለው? ዲሴምበር 13 ያ ሁሉ ጦር ወደ ኮረብታው ምሽግ ሽቅብ ተነዳ። ሰሜኖቹ ከ12,000 በላይ ሰው ሞቶባቸው፣ ቆስሎባቸውና ጠፍቶባቸው በዚያው ድልድይ በሌሊት ተመለሱ። በማግስቱ ለምን ዘገየ የሚለው ክርክር ተነሳ፤ የኮንግረሱ ኮሚቴ ሳይቀር ምስክር ሰማ። አንዱ በሌላው አላከከ። ለዘገየው ወረቀት ዋጋውን ቀድሞ የከፈለው ግን ውኃው ላይ የቆመው አናጢ ነው።

ሙያቸው ምን እንደሚችል የታየው በጁን 1864 ነው። ጄኔራል ግራንት ጦሩን በድብቅ ወደ ፒተርስበርግ ሊያዞር ሲነሳ፣ የ50ኛውና የ15ኛው የኒውዮርክ ሰዎች ከመደበኛው የመሐንዲስ ሻለቃ ጋር ሆነው በጄምስ ወንዝ ላይ ከ600 ሜትር በላይ የሚረዝም፣ 100 ያህል ጀልባ የፈጀ ድልድይ በስምንት ሰዓት ገደማ ውስጥ ዘረጉ። ያ ጥልቅ ወንዝ ከባሕሩ ጋር ከፍ ዝቅ የሚል ነው። መድፉ፣ ጋሪው፣ የእርድ ከብቱ ሳይቀር ለቀናት ሲጎርፍበት፣ ሊ የጠላቱ ዋና ጦር የት እንደሄደ በቅጡ አላወቀም። በዚያ ቀን ትእዛዙም ጀልባውም በሰዓቱ ደርሶ ነበር። ልዩነቱ ይኸው ነው።

በፒተርስበርግ ከበባ ክረምት ሰዎቹ ከጥድ ግንድ ባለ ሹል ማማ ቤተ ክርስቲያን ሠሩ። ቤተ ክርስቲያኑ ዛሬ የለም። በሥፍራው ፖፕላር ግሮቭ የሚባለው ብሔራዊ መካነ መቃብር አለ፤ ከ6,000 በላይ ሰው አርፎበታል፤ አብዛኛው ስሙ እንኳ አይታወቅም። ከሬጅመንቱ ራሱ በጥይት ከሞተው ይልቅ በበሽታ ያለቀው በብዙ እጥፍ ይበልጣል። በሕይወት ከተረፉት መኮንኖች አንዱ ዊልያም ፎልዌል ኋላ የሚኒሶታ ዩኒቨርሲቲ የመጀመሪያው ፕሬዚዳንት ሆነ።

በዋሽንግተን ዙሪያ የምትኖሩ ወገኖቻችን በአውራ ጎዳና 95 ወደ ሪችመንድ ስትወርዱ ፍሬድሪክስበርግ አጠገብ ራፓሃኖክን በድልድይ ትሻገራላችሁ። መኪናው በሴኮንዶች ያልፈዋል። አንድ ቀን ጊዜ ካላችሁ ወደ ከተማዋ ግቡና ወንዙ ዳር ቁሙ። ወዲያኛው ዳር ምን ያህል ቅርብ እንደሆነ ስታዩ፣ በዚያ ጠዋት ሳንቃ ተሸክሞ መራመድ ምን ማለት እንደነበር ይገባችኋል።