ሥራው ቋሚ፣ ሠራተኛው ጊዜያዊ

ገራዶም ሆነ ደሴ፣ «ጊዜያዊ ሠራተኛ» ሲባል ያልሰማ የለም። ጊዜያዊ ማለት ለጥቂት ጊዜ የተቀጠረ ነው። ሥራው ሲያልቅ እሱም ይሄዳል። ይህስ ባልከፋ! ግን የማያልቅ ሥራ አለ። ዛሬ የተጠረገ ግቢ ነገ ይቆሽሻል። ዘበኛም ዛሬ አድሮ ነገም ማደር አለበት። ታዲያ ይህ ሠራተኛ ጊዜያዊነቱ እስከ መቼ ነው? መሬት በእኩል የሚያርስ ሰው ነገሩ ይገባዋል። ማሳው ሁልጊዜ አለ፤ የሱ ውል ግን በባለመሬቱ እጅ ነው።

እንዲህ ያለ ሠራተኛ ፍርድ ቤት ቢሄድስ? የሕንድ አገር ሠራተኞችን ነገር እንንገራችሁ።

እነዚህ ሰዎች በአንድ የመንግሥት የውሃ መሥሪያ ቤት ይሠሩ ነበር። ቢሮ ይጠርጋሉ፣ አትክልት ይንከባከባሉ። ከአሥር ዓመት በላይ ጊዜያዊ ሆነው ቆዩ። በመጨረሻ «ቋሚ አድርጉን» ብለው ከሰሱ። ጉዳዩን መጀመሪያ ያየው ችሎት በ2010 ዓ.ም. አልተቀበላቸውም። ጥቂት ወራት ቆይቶ መሥሪያ ቤቱ አባረራቸው። ይግባኝ አሉ፤ አሁንም ተረቱ። ግን አልተዉትም። ታኅሣሥ 2017 ዓ.ም. የአገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ፈረደላቸው። ዳኞቹ ሥራው በየቀኑ የሚያስፈልግ ነው አሉ። ሠራተኞቹ ወዲያው ይመለሱ፣ ቋሚም ይሁኑ ተባለ። ከሥራ ውጭ የቆዩበት ደመወዝ ግን አይከፈላቸውም። ዘመኑ ለጡረታ ብቻ ይቆጠርላቸዋል። እኛ ሙሉ ድል አንለውም፤ ቢሆንም ትልቅ ነገር ነው።

መሥሪያ ቤቱ መከራከሪያ አልነበረውም ማለት አይደለም። ያው ፍርድ ቤት በ1998 ዓ.ም. ሌላ ፍርድ ሰጥቶ ነበር። ያለ ውድድር የተቀጠረ ሰው ብዙ ስለቆየ ብቻ በፍርድ ቤት ቋሚ አይሆንም ብሎ። የመንግሥት ሥራ የሁሉም ነውና ሁሉም ይወዳደርበት ማለቱ ነው። ይህም እውነት አለው። ተምሮ ሥራ የሚጠብቅ የገበሬ ልጅም አለ እኮ! ነገር ግን ያ ፍርድ አሥር ዓመትና ከዚያ በላይ ለሠሩት አንድ መውጫ ትቶ ነበር። መሥሪያ ቤቶቹ ክልከላውን ይዘው መውጫውን ረሱት። በ2017ቱ ፍርድ ዳኞቹ ይህንኑ ነቀፉ።

ወደኛ አገር እንመለስ። ሕጉ ሁለት ዓይነት ነው።

ኮምቦልቻ ፋብሪካ የሚሠራ ሰው የሚዳኘው በአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ነው። አንቀጽ 9 ማንኛውም የሥራ ውል ላልተወሰነ ጊዜ እንደተደረገ ይቆጠራል ይላል። አንቀጽ 10 ደግሞ ከዚህ የሚለዩትን ይዘረዝራል። የታመመ ሠራተኛን መተካት፣ የወቅት ሥራ፣ ድንገተኛ ሥራ እና የመሳሰሉት ናቸው። ስለዚህ ወረቀቱ ላይ «ጊዜያዊ» ተብሎ መጻፉ ብቻውን አይበቃም። ዳኛው ሥራውን ያያል።

የመንግሥት መሥሪያ ቤት ሠራተኛ ግን በዚህ አዋጅ አይዳኝም። እሱ የሚተዳደረው በመንግሥት ሠራተኞች አዋጅ ነው። የአማራ ክልልም የራሱ አዋጅ አለው። ብዙ ሰው ይህን ሳይለይ በሌላው ሕግ ይከስና ገና ከበሩ ይመለሳል።

የቅጥር ደብዳቤ ያላችሁ አውጥታችሁ አንብቡት። ቀጣሪው ማነው? ከመቼ እስከ መቼ ይላል? ውሉ በታደሰ ቁጥር የተሰጣችሁን ወረቀት ሁሉ አስቀምጡ። ቀኑንም አትርሱ። በአዋጅ 1156 የሚዳኝ ሰው ያላግባብ ከተባረረ፣ «ወደ ሥራዬ ልመለስ» ብሎ መክሰስ የሚችለው በ3 ወር ውስጥ ነው። ያልተከፈለ ደመወዝ ለመጠየቅ ደግሞ 6 ወር አለው።