ጥቅሱ ከየት መጣ?

ማለዳ ስልኩን የከፈተ ሰው ከሰላምታ ቀድሞ ጥቅስ ይደርሰዋል። የኔልሰን ማንዴላ ፎቶ ከአንድ ዐረፍተ ነገር ጋር፣ የማርቲን ሉተር ኪንግ ስም ከሌላ ጋር፣ የማያ አንጀሉ ፈገግታ ከሦስተኛው ጋር በየቴሌግራም ቻናሉና በየፌስቡክ ገጹ ይዞራል፤ በአነቃቂ ንግግር መድረኮችም መክፈቻና መዝጊያ ይሆናል። ሰዎች ብርታት ፍለጋ ወደ ጥቁር ተናጋሪዎችና ጸሐፊዎች መሄዳቸው ትክክል ነው ብዬ አምናለሁ። ተስፋ የሚደረግበት ምክንያት በጠፋበት ዘመን ተስፋን በአደባባይ የተናገሩ ሰዎች ናቸውና ከእነሱ የሚሻል አስተማሪ በቀላሉ አይገኝም። ያ ብርታት ያለው ግን በዐረፍተ ነገሩ ውበት ውስጥ አይደለም። ያለው ቃሉ በተነገረበት ሁኔታ ውስጥ ነው። ለማን መልስ ሆኖ ተነገረ? ተናጋሪው ምን አጥቶ፣ ምንስ ለማጣት ቆርጦ ተናገረው? ይህ ሲቆረጥ የሚቀረው ደስ የሚል ምኞት ነው፤ አንዳንዴም ተናጋሪው ያወገዘው ነገር ተመልሶ በራሱ ስም ይነገራል።

ለዚህ ጥሩ ማስረጃ የሚሆነን ድንጋይ ላይ ተጽፎ የነበረ ቃል ነው። እ.ኤ.አ. በ2011 ዋሽንግተን ውስጥ የኪንግ መታሰቢያ ሐውልት ለሕዝብ ሲከፈት (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ በዚሁ አቆጣጠር ናቸው) በጎኑ ላይ ኪንግ ራሳቸውን ለፍትሕ፣ ለሰላምና ለጽድቅ በሰልፍ ፊት የሚሄዱ የከበሮኞች መሪ አድርገው የሚገልጹበት ዐረፍተ ነገር ተቀርጾ ነበር። መነሻው ከመገደላቸው ሁለት ወር በፊት፣ በፌብሩዋሪ 1968፣ አትላንታ በሚገኘው የኤቤኔዘር ቤተ ክርስቲያን የሰጡት ስብከት ነው። ስብከቱ ግን የሚለው ሌላ ነው። ሰው ሁሉ ፊት ፊት ለመሄድ፣ ለመታየትና ለመወደስ ያለውን ጥማት ይመረምራል፤ ጥማቱ ልጓም ሲያጣ ግለሰብንም አገርንም እንዴት እንደሚያበላሽ ያሳያል። በመጨረሻ ኪንግ የራሳቸውን ቀብር እያሰቡ የኖቤል ሽልማታቸው እንዳይነሣ ይለምናሉ፤ የሰልፍ መሪ ነበር ማለት ካሻችሁ ግን የፍትሕ ሰልፍ መሪ ነበር በሉ ይላሉ። ቅድመ ሁኔታው ተቆርጦ ሲወጣ፣ ከንቱ ውዳሴን የሚያወግዘው ስብከት ራሱ ከንቱ ውዳሴ ሆነ። ማያ አንጀሉ ጽሑፉ ኪንግን ትዕቢተኛ ያስመስላቸዋል ብለው በይፋ ተቃወሙ፤ በ2013 ጽሑፉ ከድንጋዩ ላይ እንዲጠፋ ተደረገ።

ከተቆረጡት የባሱት ደግሞ ጨርሶ ያልተነገሩት ናቸው። ማንዴላ በ1994 ፕሬዚዳንት ሆነው ቃለ መሐላ በፈጸሙበት ቀን ተናገሩት የሚባለው፣ ሰውን አጥብቆ የሚያስፈራው ድክመቱ ሳይሆን ኃይሉ ነው የሚለው ሐሳብ የአሜሪካዊቷ ጸሐፊ የማሪያን ዊሊያምሰን ነው፤ በ1992 ባሳተሙት መጽሐፍ ውስጥ ይገኛል፤ በማንዴላ ንግግር ውስጥ የለም። ከሜሪላንድ ባርነት ያመለጡት ሃሪየት ተብማን ባሪያ መሆናቸውን ያላወቁ ሰዎች ባይኖሩ ሌላ ሺህ ነጻ አወጣ ነበር ብለዋል የሚባለውም ማስረጃ የለውም። ተብማን ወደ ሜሪላንድ 13 ጊዜ ያህል እየተመለሱ 70 የሚሆኑ ሰዎችን አውጥተዋል። ልጁ ከጉያው ተወስዶ የተሸጠበት ሰው ባሪያ መሆኑን አያውቅም ማለት በእሳቸው ስም የተበደሉትን ዘመዶቻቸውን መስደብ ነው። እነዚህ ሐሰተኛ ጥቅሶች የሚጋሩት መልክ አለ። ችግሩን ከሕጉ፣ ከመሬቱ፣ ከደመወዙና ከድምፅ መስጫው አንሥተው ተበዳዩ ልብ ውስጥ ያስቀምጡታል። እውነተኞቹ ተናጋሪዎች ስለ ልብ ሲናገሩ እንኳ ሕጉን አይለቁም። ማንዴላ በ1964 የሞት ፍርድ ሊሰጥበት በሚችል ችሎት ፊት ቆመው ሲናገሩ ስለ ይለፍ ወረቀት ሕግ፣ ስለ ድህነትና ስለ ትምህርት ቤት በዝርዝር አስረድተዋል።

ይህን ልዩነት ከሁሉ አጉልቶ የሚያሳየው የፋኒ ሉ ሄመር ታሪክ ነው። ሄመር በ1917 ሚሲሲፒ ውስጥ ለድሃ ጥጥ አምራች ቤተሰብ ሃያኛ ልጅ ሆነው ተወለዱ፤ ጥጥ መልቀም የጀመሩት በስድስት ዓመታቸው ነው። ዛሬ በየፖስተሩ የሚታወቁት መታከቱ ራሱ እንደ ታከታቸው በተናገሩት አጭር ቃል ነው፤ ቃሉን ብቻ የሰማ ሰው የድካም እሮሮ ይመስለዋል። በኦገስት 31 ቀን 1962 ሄመርና ሌሎች 17 ሰዎች በመራጭነት ለመመዝገብ 26 ማይል በአውቶቡስ ተጉዘው ኢንዲያኖላ ወደሚገኘው ፍርድ ቤት ሄዱ። የቀረበላቸው ፈተና ከግዛቲቱ ሕገ መንግሥት አንድ ክፍል ማብራራት ነበር፤ ወደቁ። ሲመለሱ ፖሊስ አውቶቡሱን አስቆመ፤ በሾፌሩ ላይ የተገኘው ጥፋት የአውቶቡሱ ቀለም ነው ተባለ። ማታ ቤት ሲደርሱ፣ 18 ዓመት የሠሩበት እርሻ ባለቤት መጥቶ ወይ ምዝገባውን ይሰርዙ ወይ ይልቀቁ አላቸው። ሄመር ሊመዘገቡ የሄዱት ለእሱ ሳይሆን ለራሳቸው መሆኑን ነገሩት፤ በዚያው ሌሊት ከቤታቸው ወጡ። ብዙም ሳይቆይ እሳቸውን ባስጠጋው ቤት ላይ 16 ጥይት ተተኮሰ። በጁን 1963 ደግሞ ዊኖና በምትባል ከተማ ታስረው፣ በፖሊሶች ትእዛዝ ክፉኛ ተደበደቡ፤ የኩላሊታቸው ጉዳት እስከ ዕድሜያቸው ፍጻሜ አብሯቸው ኖረ።

ሄመር ይህን ሁሉ በኦገስት 1964 አትላንቲክ ሲቲ ላይ፣ በዲሞክራቲክ ፓርቲ ጉባኤ ኮሚቴ ፊት ተቀምጠው፣ በቴሌቪዥን ካሜራ ፊት አንድ በአንድ ተናገሩ። ፕሬዚዳንት ጆንሰን ካሜራዎቹን ለመሳብ ድንገተኛ ጋዜጣዊ መግለጫ ጠሩ፤ ጣቢያዎቹ ግን ማታ ቃላቸውን መልሰው ለመላው አገር አሰሙት። ፓርቲው የሚሲሲፒን መቀመጫ ለጠየቁት ለሄመር ቡድን ልዑካን ሁለት መቀመጫ ብቻ ሲያቀርብ ሄመርና ጓዶቻቸው አንቀበልም አሉ። ስለ መታከት የሚታወቀውን ንግግራቸውን ያደረጉት በዚያው ዓመት ዲሴምበር ሃርለም ውስጥ ነው። እንግዲህ በዚያ መድረክ ቃሉ የተነገረው ተሞክሮ፣ ተከልክሎ፣ ተደብድቦ፣ ግማሽ ቀርቦለት እምቢ ካለ በኋላ ነው። አልቃሻ ሰው እንደዚህ አይናገርም። ከዚህ በኋላ ምን እንደማይቀበሉ ማስታወቃቸው ነበር። በሚሲሲፒ በመራጭነት የተመዘገቡ ጥቁሮች ከ1965ቱ የምርጫ መብት ሕግ በፊት ወደ 7 በመቶ ነበሩ፤ በ1967 ወደ 60 በመቶ ደረሱ። ሄመርም በ1968 በቺካጎው ጉባኤ ላይ በልዑክነት ተቀመጡ።

ለደከመ ሰው ይህ ሁሉ ታሪክ ምን ይጠቅመዋል፣ አንድ መስመር ቢያበረታው ይበቃ የለም ወይ የሚል ይኖራል። አጭር ቃል ጉልበት እንዳለው አልክድም፤ ኪንግም የጸረ ባርነት ተናጋሪው ፍሬደሪክ ዳግላስም በሰው አእምሮ እንዲቀር አስበው የቀረጹት ነው። ነገር ግን በ1955 ሞንትጎመሪ ውስጥ የኪንግን ቃል የሰሙት ሰዎች በማግስቱ ወደ ሥራቸው በእግራቸው ሄዱ፤ ሰውን በዘር የሚለየውን የከተማውን አውቶቡስ ሳይሳፈሩ 381 ቀን ጸኑ። ቃሉና የሚሠራው ሥራ አብረው ስለደረሷቸው ማብራሪያ አላስፈለጋቸውም። እኛ ዘንድ የሚደርሰው ሥራው ተነጥሎ ነው። ስለዚህም ማለዳ ያነሣን ጥቅስ ከመጀመሪያው እንቅፋት አያልፍም፤ እንቅፋት እንደሚመጣ አልነገረንምና። የሄመር ታሪክ ግን ፈተናውን መውደቅ፣ ከቤት መባረርና የግማሽ መፍትሔ ማባበያ ሁሉ የመንገዱ አካል መሆናቸውን አስቀድሞ ይነግረናል። እውነት በማንም አፍ ቢነገር እውነት ነው የሚለው መከራከሪያም ለሒሳብ ይሠራል። በደልን መቋቋም ይቻላል የሚለው ቃል ግን ምስክርነት ነው፤ የምስክር ቃል ደግሞ በምስክሩ ይመዘናል።

የእነሱ ትግል የእኛ አይደለም የሚልም አይጠፋም። ቃሉ ግን ከእኛም ወደ እነሱ ሄዷል። ቦብ ማርሊ በ1976 ያወጣው «ዋር» የተሰኘ ዘፈን ግጥሙ በአብዛኛው የተወሰደው ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ በኦክቶበር 1963 በተባበሩት መንግሥታት ጉባኤ ካደረጉት ንግግር ነው። ዘፈኑን የሚያዜመው ብዙ ሰው ንግግሩ የሚጀምረው ከዚያ 27 ዓመት ቀድሞ በጣሊያን ወረራ ላይ ጄኔቫ ስለቀረበውና ሰሚ ስላጣው አቤቱታ መሆኑን አያስተውልም። ያ መግቢያ ሳይታወቅ የዘረኝነት ውግዘቱ መልካም ምኞት ይመስላል፤ ሲታወቅ ግን ተበድሎ፣ ጮኾ፣ ችላ ተብሎ ዳግመኛ ለመጮኽ የተመለሰ ሰው ድምፅ ይሆናል።

የማነቃቂያ ገጽ የምታዘጋጁ፣ በትምህርት ቤት ግድግዳ ላይ ጥቅስ የምትሰቅሉ ሁሉ፣ ከስሙ ሥር ዓመቱን፣ ቦታውንና ቃሉ ለማን እንደተመለሰ ጻፉ፤ ይህን ማግኘት ካልቻላችሁ ጥቅሱን ተዉት። አንባቢም አሥር ጥቅስ ከማከማቸት የአንዱን ተናጋሪ ንግግር ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ያዳምጥ። የሄመር የአትላንቲክ ሲቲ ቃል በድምፅ ተቀድቶ ይገኛል፤ ከእሱ ጀምሩ።