«ዲግሪ» በሳይንስና በሒሳብ፤ ስለ ትርጉሞቹና ስለ አማርኛ አቻዎቹ

በትምህርት ቤት፣ በአየር ጠባይ ትንበያ፣ በሐኪም ቤት፣ በመሬት ቅየሳና በሒሳብ መጻሕፍት «ዲግሪ» የሚለው ቃል ያለ ማብራሪያ ይነገራል። ሰሚውም የገባው ስለሚመስለው ትርጉሙን አይጠይቅም። ይሁን እንጂ የማዕዘኑ ዲግሪ፣ የሙቀቱ ዲግሪና የእኩልዮሹ ዲግሪ በስም ይመሳሰሉ እንጂ በባሕርይ አንድ አይደሉም። የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ልዩነታቸውን ማብራራትና በአማርኛ እንዴት ቢነገሩ እንደሚሻል አሳብ ማቅረብ ነው። ወደዚህ ጉዳይ የመራኝ ግን መጽሐፍ ሳይሆን አንድ የገጠር ሥልጠና ነው።

ከጥቂት ዓመታት በፊት የግብርና ቃላትን ለመሰብሰብ ወደ ምዕራብ ደቡብ ወሎ ተጉዤ በመካነ ሰላም አካባቢ ሰንብቼ ነበር። አገሩ ደጋ ነው፤ ከተማይቱ ከባሕር ጠለል በላይ 2,600 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ተቀምጣለች። ከዚያ ወደ ዓባይ ሸለቆ አቅጣጫ ግን ምድሩ እየተሸነሸነ ቁልቁል ይወርዳል፤ ከወንዙ ማዶ ጎጃም ነው። ገበሬው ብዙውን ጊዜ የሚያርሰው ተዳፋት ላይ ስለሆነ እርከንና ካብ የዕለት ተዕለት ቃላቱ ናቸው። አንድ ቀን ስለ አፈር ጥበቃ በሚሰጥ ሥልጠና ላይ ተገኘሁ። ወጣቱ አሠልጣኝ በእጅ ከተገለበጠ ወረቀት እያነበበ፣ «ከ60 ዲግሪ በላይ የሆነ ተዳፋት አይታረስም፤ ከ31 እስከ 60 ዲግሪ የሆነው ደግሞ ጠረጴዛማ እርከን ካልተሠራለት በቀር የዓመት ሰብል አይዘራበትም» አለ። ስድሳ ዲግሪ ምን እንደሚመስልም በሰሌዳው ላይ ማዕዘን ሥሎ አሳየ። ከፊት የተቀመጡ አንድ ሽማግሌ ሥዕሉን አተኩረው ከተመለከቱ በኋላ፣ «ልጄ፣ እንዲህ ያለውን ማን ያርሰዋል? በሬውስ በምን ይቆምበታል? ክልክሉ ይህ ከሆነማ የኛ አገር ሁሉ ሜዳ ነው በለኛ!» አሉት። ተሰብሳቢው ሁሉ ሳቀ። እኔ ግን ሥልጠናው ሲያበቃ ወረቀቱን እንዲያሳየኝ ወጣቱን ለመንሁት።

ስሕተቱ የእርሱ አልነበረም። ቁጥሮቹ የተወሰዱት በ1997 ዓ.ም. ከወጣው የገጠር መሬት አስተዳደርና አጠቃቀም አዋጅ ቁጥር 456 ነበር (ይህ አዋጅ በ2016 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 1324 ተተክቷል)። አዋጁ 31ንና 60ን የሚጠቅሰው በመቶኛ እንጂ በዲግሪ አይደለም። ጽሑፉ ከእጅ ወደ እጅ ሲገለበጥ ከመቶኛው ምልክት ሰያፉ መሥመርና ከሁለቱ ክቦች አንዱ ጠፍተው ከቁጥሩ ራስ ላይ አንዲት ትንሽ ክብ ብቻ ቀርታለች። ትንሿ ክብ ደግሞ የዲግሪ ምልክት ናት። አንባቢው ያየውን በትክክል አነበበ፤ የሰማነው ግን ሌላ ሕግ ሆነ።

የተዳፋት መቶኛ ማለት በአግድም አንድ መቶ ሜትር ሲኬድ ምድሩ ስንት ሜትር ዝቅ እንደሚል የሚናገር ንጽጽር ነው። የተዳፋት ዲግሪ ግን ምድሩ ከአግድም መሥመር ጋር የሚሠራው ማዕዘን ነው። ሁለቱ አብረው ያድጋሉ፤ ነገር ግን እኩል አይራመዱም። 45 ዲግሪ የሆነ ተዳፋት 100 በመቶ ነው። 60 በመቶ የሆነው 31 ዲግሪ ያህል ብቻ ሲሆን፣ 60 ዲግሪ የሆነው ግን ወደ 173 በመቶ ይደርሳል። ስለዚህ በወረቀቱ ንባብ የላይኛው ወሰን ከገደል በስተቀር ምንም የማይከለክል ሆኗል፤ ሽማግሌው ያሉትም ይህንኑ ነው። የታችኛው ወሰን ንባብ ደግሞ የባሰ ነው። 31 ዲግሪ ማለት ከሞላ ጎደል 60 በመቶ ስለሆነ፣ አዋጁ ማረስን የከለከለበት መነሻ በወረቀቱ ላይ እርከን መሥራት የሚጀመርበት ሆኖ ተገኘ። በመካከሉ ያለው፣ ማለትም አዋጁ ካለ እርከን እንዳይዘራ ያለው መሬት በሙሉ፣ እንዲያው ቢታረስ ግድ የለም እንደማለት ነው። በክረምቱ ዝናብ ይህ ምን እንደሚያስከትል ለደገኛ መንገር አያስፈልግም።

አዋጁ ዲግሪን ትቶ መቶኛን መያዙ ለሥራው የሚስማማ ነው። ለመቶኛ ማዕዘን መለኪያ አያሻም። ሁለት ሰዎች 5 ሜትር ገመድ ወጥረው በግንበኛ ውኃ ልክ አግድም ካደረጉ በኋላ በታችኛው ጫፍ ገመዱ ከመሬት የራቀበትን ቁመት በሜትር እንጨት ይለካሉ። ቁመቱ 1 ሜትር ተኩል ከሆነ ተዳፋቱ 30 በመቶ ነው። ይህን ማካፈል የቻለ ገበሬ ባለሙያ ሳይጠብቅ ማሳውን ይመድባል። ይኸው ተዳፋት በማዕዘን ሲለካ 17 ዲግሪ አይሞላም።

እንግዲህ «ዲግሪ» ራሱ ከየት መጣ? ክብን በ360 መክፈል ከባቢሎን የስድሳ አቆጣጠር የተወረሰ ነው። የግሪክ የከዋክብት ሊቃውንት ከ360ው አንዱን «ክፍል» ይሉት ነበር። ዐረቦች «ደረጃ» አሉት፤ ላቲኖችም «ግራዱስ» ብለው በደረጃ አምሳል ጠሩት፤ የአውሮፓው ዲግሪም ከዚሁ ቃል የወጣ ነው። የዐረብኛው ቃል ከአማርኛው «ደረጃ» ጋር በመልክም በትርጉምም አንድ ነው። ግእዝ በበኩሉ ከ«ዐርገ» (ወጣ፣ ከፍ አለ) «መዓርግ» የሚለውን አውጥቷል፤ መውጫ፣ መሰላል፣ ደረጃ ማለት ነው። የዛሬው ማዕረጋችን ከዚሁ የመጣ ነው። ባዕዱን ቃል ከመቀበላችን አስቀድሞ አሳቡ በቤታችን በሁለት ስም፣ እርከንን ከቆጠርን በሦስት ስም፣ ይኖር ነበር ማለት ነው።

ከዲግሪ በታች ያሉት ክፍሎች ይህን ዝምድና ይበልጥ ያጎሉታል። የላቲኑ «ሚኑታ» ትንሽ ማለት ነው፤ የዐረብኛውና የአማርኛው «ደቂቃ» እንደ ግእዙ «ደቂቅ» ትንሽነትን ያመለክታል። «ሰከንድ» ሁለተኛ ማለት ሲሆን የባሕረ ሐሳብ ሊቃውንት «ካልዒት» የሚሉትም ትርጉሙ ሁለተኛ ነው። በእነርሱ አቆጣጠር ዕለት 60 ኬክሮስ፣ ኬክሮስ 60 ካልዒት፣ ካልዒት 60 ሣልሲት እያለ እስከ ሳድሲት ይወርዳል። አንድ ኬክሮስ በዛሬው ሰዓት 24 ደቂቃ ነው፤ በዚያ ጊዜ ውስጥ ምድር 6 ዲግሪ ትዞራለች። ዘመናዊው የጂኦግራፊ አማርኛ ግን ይህን የጊዜ ቃል ወስዶ ከምድር ወገብ ወደ ሰሜንም ሆነ ወደ ደቡብ ላለው ርቀት መጠሪያ አድርጎታል፤ የመካነ ሰላም ኬክሮስ 10 ዲግሪ ከ45 ደቂቃ ሰሜን ገደማ ነው ሲባል በቃሉ ውስጥ የዕለት ስድሳኛ መኖሩን የሚያስታውስ ጥቂት ሰው ነው። በስያሜው አልነቅፍም፤ ለምዷል።

ወደ ሙቀት ስንመጣ ቃሉ ያው፣ ነገሩ ሌላ ነው። የማዕዘን ዲግሪ ከእውነተኛ ባዶ ይነሣል፤ 20 ዲግሪ የ10 ዲግሪ እጥፍ ነው። በሙቀት ግን ማለዳ 10 ዲግሪ፣ ቀትር ላይ 20 ዲግሪ ቢሆን ቀትሩ የማለዳውን እጥፍ ሞቀ አይባልም፤ ዜሮው ውኃ በሚረጋበት ነጥብ ላይ በስምምነት የተተከለ ምልክት ነውና። ስዊድናዊው አንደርስ ሴልሺየስ በ1742 እ.ኤ.አ. መለኪያውን ሲያቀርብማ ዜሮውን በውኃ መፍያ፣ መቶውን በመርጊያው ላይ አድርጎ ነበር፤ የተገለበጠው በኋላ ነው። በብዙዎቻችን አፍ ላይ የቀረው «ዲግሪ ሴንቲግሬድ» የሚለው አጠራር ደግሞ ደረጃን ሁለት ጊዜ ይጠራል፤ ሴንቲግሬድ ራሱ መቶ ደረጃ ማለት ነውና። ፈረንሳዮች «ግራድ» የሚሉት የማዕዘን መለኪያ ስለ ነበራቸው የእርሱ መቶኛና የሙቀቱ ስም ተጋጩ። በ1948 እ.ኤ.አ. ዓለም አቀፉ የመለኪያ ጉባኤ «ሴልሺየስ»ን መረጠ። በ1967 እ.ኤ.አ. ደግሞ ጉባኤው ከፍጹም ዜሮ የሚነሣውን የሙቀት መለኪያ «ዲግሪ ኬልቪን» ማለትን አስቀርቶ «ኬልቪን» ብቻ እንዲባል ወሰነ። በእኛም መጻሕፍት «ዲግሪ ኬልቪን» የሚለው መታረም ይገባዋል፤ «ሴልሺየስ»ም የ«ሴንቲግሬድ»ን ቦታ ቢይዝ እመርጣለሁ።

በሒሳብ ግን ዲግሪ መለኪያ መሆኑ ይቀርና ቆጠራ ይሆናል። የአንድ እኩልዮሽ ዲግሪ የሚባለው ያልታወቀው ቁጥር በራሱ የተባዛበት ትልቁ ብዛት ነው። ጎኑ ያልታወቀ አራት ማዕዘን ማሳ ስፋቱ ሲነገረን ጎኑን ለማግኘት የምንጽፈው እኩልዮሽ ዲግሪው ሁለት ነው። እዚህ ላይ ግማሽ ዲግሪ የለም፤ በደቂቃም አይከፈልም። የአማርኛው ችግር የሚነሣውም ከዚህ ነው። «የሁለተኛ ዲግሪ እኩልዮሽ» ስንል ተማሪው ከዩኒቨርሲቲ የሚገኘውን ሁለተኛ ዲግሪ ያስባል። ባዕዱን ቃል ሸሽተን «የሁለተኛ ደረጃ እኩልዮሽ» ብንል በሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት የሚሰጥ እኩልዮሽ ይመስላል፤ ሐኪሞችም «ሁለተኛ ደረጃ ቃጠሎ» በማለት ቃሉን ለሌላ ነገር ይዘውታል። «ማዕረግ» የወታደርና የካህን ነው፤ በማዕረግ የተመረቀም አለ። «እርከን»ን የአስተዳደር ቋንቋ ከገበሬው ወስዶ ለቢሮ አድርጎታል።

አዲስ ቃል መፍጠር የሚቀናቸው ባልደረቦቼ በዚህ ላይስማሙ ይችላሉ፤ በበኩሌ መፍትሔው ከቃሉ ይልቅ በሰዋስው ውስጥ ያለ ይመስለኛል። ተራ ቁጥርን ትተን መደበኛውን ቁጥር እንያዝ፤ «የሁለተኛ ዲግሪ እኩልዮሽ» በማለት ፈንታ «ዲግሪው ሁለት የሆነ እኩልዮሽ» እንበል። ያን ጊዜ ዲግሪው ብዛት መሆኑ በራሱ ይገለጻል፤ ከምስክር ወረቀቱም ይለያል። መንገዶችን በነጥብና በመሥመር በሚያጠናው የሒሳብ ዘርፍም እንዲሁ ነው፤ ሦስት መንገድ የሚገናኝበት ከተማ «ዲግሪው ሦስት የሆነ ነጥብ» ቢባል ሰሚው ወዲያው መቁጠር ይጀምራል።

በስታቲስቲክስ «የነጻነት ዲግሪ» እየተባለ የሚተረጐመውን ግን ፈጽሞ አልቀበልም። የቃል በቃል ትርጉም በመሆኑ ነጻነቱም ዲግሪውም አይገባም። አሳቡ ቀላል ነው። የአምስት ማሳዎች አማካይ ምርት 12 ኩንታል መሆኑ ከታወቀ ድምሩ 60 ነው። የአራቱ ማሳዎች ምርት የፈለገውን ቢሆን አምስተኛው ከ60 ላይ አራቱ ተቀንሰው የሚቀረው ብቻ ነው፤ እንደ ልቡ ሊሆን አይችልም። በነጻ የሚለዋወጡት አራት ናቸው። ስለዚህ «የነጻ ቁጥሮች ብዛት» ቢባል ተማሪው ስሌቱን ከስሙ ያነብበዋል። በሜካኒክስም አንድ አካል ሊንቀሳቀስ የሚችልባቸው መንገዶች ሲቆጠሩ «የነጻ እንቅስቃሴዎች ብዛት» ማለት ይበቃል።

«ዲግሪ»ን እንግዲህ ለማዕዘን፣ ለኬክሮስና ለኬንትሮስ፣ ለሴልሺየስ ሙቀት እንዲሁም ከላይ በተመለከተው አነጋገር ለእኩልዮሽና ለነጥብ ብንተውለት ይበቃዋል። «ማዕረግ»ን በአልጀብራ ከመንካት የምቆጠብበት ሌላም ምክንያት አለኝ፤ ማትሪክስ የሚባለው የቁጥሮች ሰንጠረዥ «ራንክ» የሚሉት ባሕርይ ስላለው ወደፊት ቃሉን የሚጠይቀን እርሱ ነው። ተዳፋትን በሚመለከት ደግሞ በእጅ በሚገለበጥ በማንኛውም ጽሑፍ ላይ ምልክት ባይጻፍ፣ ይልቁንም «60 በመቶ» ተብሎ በፊደል ቢጻፍ ይሻላል። መካነ ሰላም ያየሁትን ወረቀት ከመመለሴ በፊት ቁጥሮቹን ከወጣቱ ጋር ሆነን በዚህ ዐይነት አርመነዋል፤ በማግሥቱም ገመዱንና ውኃ ልኩን ይዞ ወደ ሽማግሌው ማሳ ሲወጣ አብሬው ሄድሁ። ተዳፋቱ 42 በመቶ ሆነ።