በኩንታል ነው በጆንያ? የጫኝና አውራጅ ክርክር ከመጋዘን እስከ አሉላ አባ ነጋ

ዛሬ የዋጋ ሰንጠረዡን ትንሽ እንተወውና እሱ ላይ ስለማይታይ ወጪ እናውራ፤ የጫኝና አውራጅ ሒሳብ።

አንድ ኩንታል ሰሊጥ ከገበሬው ደጅ እስከ ላኪው መጋዘን ስንቴ ይነሳል? ከመሠረታዊ ማኅበር ወደ ዩኒየን፣ ከዩኒየን ወደ ማበጠሪያ፣ ከማበጠሪያ ወደ መኪና። በተነሳ ቁጥር ይከፈልበታል። በመኪና ለሚሄድ ጭነት የግማሽ ቀን ጭቅጭቅ ኪራይ ይጨምራል፣ በቃ። ከመቀሌ በአየር ለሚላክ ማር ወይም ሌላ ዕቃ ግን አውሮፕላኑ አይጠብቅም። አሉላ አባ ነጋ በር ላይ በተነሳ የጥቂት ብር ክርክር ጭነቱ ለነገ ሊያድር ይችላል፤ ያውም ነገ ቦታ ከተገኘ። በረራ ሲቋረጥ ምን እንደሚመስል ደግሞ የመቀሌ ነጋዴ ያውቀዋል። የኢትዮጵያ አየር መንገድ መደበኛ በረራ ታኅሣሥ 19 ቀን 2015 ዓ.ም. የተመለሰው ከ18 ወር ገደማ በኋላ ነበር።

ክርክር ሲነሳ ብዙዎቻችን ቀጥታ ዋጋው ውስጥ እንገባለን። ቀድሞ መታየት ያለበት ግን ጫኙ የማን ሠራተኛ ነው የሚለው ነው። በደመወዝ የቀጠራችሁት ከሆነ ጉዳዩ የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ነው። የግል ክርክር ወደ ፍርድ ቤት የሥራ ክርክር ችሎት ይሄዳል፤ ያልተከፈለ ደመወዝ በ6 ወር ውስጥ ካልተጠየቀ በይርጋ ይታገዳል። የወል ክርክር ከሆነ አስማሚ ይመደባል፤ በ30 ቀን ካላስማማ ወደ ቦርድ ያልፋል።

ተመዝግቦ በራሱ ኃላፊነት የሚሠራ ማኅበር ከሆነስ? አዋጁ በራሱ የንግድ ሥራ ወይም የሙያ ኃላፊነት የሚሠራን ሰው አይመለከትም። ያኔ የሚዳኛችሁ ውላችሁና የፍትሐ ብሔር ሕጉ ነው። ውል ከሌለ ሁለታችሁም የምትይዙት ነገር የላችሁም ማለት ነው። (ደግሞ "ማኅበር ናቸው" ማለት ብቻ አያድንም። ሰዓታቸውን የምትወስኑት፣ በየቀኑ የምታዟቸውና ደመወዝ የምትከፍሉት እናንተ ከሆናችሁ ሠራተኞቻችሁ ናቸው ሊባል ይችላል።) የአየር መንገዱ የራሱ ሠራተኞች ደግሞ ሌላ ናቸው፤ የአየር ትራንስፖርት በአዋጁ ሥራ ማቆም ከማይፈቀድባቸው አስፈላጊ አገልግሎቶች አንዱ ነው። በር ላይ ያለውን ማኅበር ከእነሱ ጋር አታደባልቁ።

አሁን ወደ ዋናው ጠብ። ዋጋ "በኩንታል" ተብሎ በቃል ይወሰናል፤ ዕቃው በ50 ኪሎ ጆንያ ታሽጎ ይመጣል። ባለጭነቱ 100 ኪሎ ይቆጥራል፣ ካቦው ጆንያ ይቆጥራል። ሒሳቡ እጥፍ ሆነ! እውነቱን ለመናገር ሁለቱም ወገን አልዋሸም። ጫኙ የሚከራከረው ስለ ጀርባው ነው፤ የዓለም ሥራ ድርጅት በ1967 እ.ኤ.አ. ባወጣው የውሳኔ ሐሳብ ለአዋቂ ወንድ የሸክም ጣሪያ ያለው 55 ኪሎ ሲሆን የእኛ ኩንታል የዚያ እጥፍ ሊሆን ምንም አልቀረውም። 50 ኪሎ ማሸግ ለሰውየውም ለጆንያውም ይሻላል ባይ ነኝ፤ ቀደዳውን ብቻ አስቡት። ግን ዋጋው በጆንያ ይጻፍ።

የመጠበቂያ ጊዜም አለ። ጠዋት ተጠርተው መኪናው ማታ ከደረሰ ቀኑን ማን ይከፍላል? ሰው ቢጎዳስ? በራሱ ኃላፊነት ለሚሠራ ማኅበር የአሠሪ የጉዳት ካሣ በአዋጁ አይመጣለትም፤ ስለዚህ ሕክምናውን ማን እንደሚሸፍን አስቀድሞ መጻፍ አለበት።

በአየር የምትልኩ ደግሞ አንድ መስመር ጨምሩ፦ የማኅበሩ ሥራ የሚያልቀው የት ነው? ከመኪና እስከ ካርጎ መረከቢያው ሚዛን ድረስ ከሆነ እንደዚያው ይጻፍ፤ ከሚዛኑ ወዲያ የተረካቢው ነው። በራሳችሁ ሰው ማውረድ የምትፈልጉ ካላችሁ አሠራሩ በየከተማው ስለሚለያይ የመቀሌ ከተማ አስተዳደርን በደብዳቤ ጠይቁ፤ መልሱን በጽሑፍ ያዙና ኮፒውን ለሹፌሩ ስጡት፤ በር ላይ የሚጠየቀው እሱ ነው።