ስለ ፓስታ ሾርባ አሠራር

መቼም የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ብዕር ሲያነሣ ስለ ፍልስፍና ወይም ስለ ኢኮኖሚ ይጽፋል እንጂ ስለ ድስት ይጽፋል ተብሎ አይጠበቅም። እኛም እስካለፈው ኅዳር ድረስ እንዲሁ እናስብ ነበር። ዛሬ ግን ስለ አንድ ተራ ምግብ፣ ስለ ፓስታ ሾርባ፣ ጥቂት ለመናገር ተነሥተናል። ምክንያታችንን አስቀድመን ብንገልጽ አንባቢ አይታዘበንም ብለን እናምናለን።

ከግቢ ውጭ፣ በመካነ ሰላም ከተማ፣ አንዲት ክፍል በጋራ ተከራይተን የምንኖር አራት ተማሪዎች ነን። ሁለታችን ክርስቲያን፣ ሁለታችን ሙስሊም ነን፤ ይህም በወሎ አገር የሚያስደንቅ ነገር አይደለም። በአንድ ዘመዳሞች ቤት እንኳ ሁለቱም ሃይማኖት የሚገኝበት ጊዜ ብዙ ነው። ሠርጉም ሐዘኑም በአንድነት ይሆናል፤ የሚለየው የዕርዱ ነገር ነው። በድግስ ጊዜ የክርስቲያኑና የሙስሊሙ ከብት ለየብቻ ይታረዳል፤ ድስቱም ለየብቻ ይጣዳል።

ባለፈው ኅዳር ከአራታችን አንዱ ታመመ። ቤተሰቡን ሊጠይቅ ወደ ዐባይ ቆላ ወርዶ ከተመለሰ ሁለት ሳምንት ሆኖት ነበር። መካነ ሰላም ከባሕር ጠለል በላይ ወደ 2600 ሜትር ከፍታ ላይ ያለች ደጋ ናትና የኅዳር ሌሊቷ ብርድ አጥንት ሰርስሮ ይገባል። እኛም «ብርድ መትቶት ነው» ብለን ጋቢ ደራረብንለት። እንጀራ ቢቀርብለት ፊቱን አዞረ፤ «ትኩስ ነገር ብቻ ስጡኝ» አለ።

ዕለቱ ኅዳር 12፣ የሚካኤል በዓል ነበርና የቤቱ ባለቤት፣ እትዬ የምንላቸው እናት፣ መታመሙን ሰምተው በጎድጓዳ ሳሕን የዶሮ መረቅ ላኩለት። ጓደኛችን ሙስሊም ነውና ምስጋናውን አብዝቶ ሳሕኑን ሳይነካ መለሰ። እትዬም «ሞት ይርሳኝ! እንዴት ዘነጋሁት!» ብለው በጣም ተጸጸቱ። ያን ጊዜ የቀረነው ሦስታችን «ግድ የለም፣ እኛ እንሠራለታለን» ብለን ተነሣን።

የሠራነውን ባንናገረው ይሻል ነበር። ቀዝቃዛ ውኃ፣ ፓስታ፣ ቲማቲም፣ ምስርና ጨው ሁሉንም በአንድ ጊዜ ድስት ውስጥ ጨምረን ከሰል ላይ ጣድን። ብርዱ ስላስቸገረን ምድጃውን ወደ ክፍላችን አስገብተን በሩን ዘጋን። ከአንድ ሰዓት በኋላ ድስቱ ውስጥ ያገኘነው ሾርባ ሳይሆን ማስታወቂያ መለጠፊያ ሙጫ ነበር፤ ምስሩም እንደ ጠጠር ጥርስ ላይ ይንኳኳል። ይህ ብቻ ቢሆን በሳቅ ባለፈ ነበር። ነገር ግን አራታችንም ራሳችንን ያመን፣ ያቅለሸልሸን ጀመር። እትዬ ድምፃችን ቢጠፋባቸው በሩን በርግደው ገቡና «ልጆቼ! ልታልቁ ነው እንዴ!» ብለው ምድጃውን ወደ ውጭ አወጡት። በማግስቱ ደግሞ እኛን በረንዳው ላይ ሰብስበው፣ ሽንኩርት ከመክተፍ ጀምረው ሾርባ እንዴት እንደሚሠራ አሳዩን። እነሆ ከእርሳቸው የተማርነውን፣ በኋላም ከየትምህርታችን ጋር ያገናዘብነውን እናቀርባለን።

ከሁሉ አስቀድሞ የሚነገረው የእሳቱ ነገር ነው። ከሰል ሲነድ ካርቦን ሞኖክሳይድ የሚባል ቀለምም ሽታም የሌለው ጋዝ ያወጣል። ይህ ጋዝ ኦክስጅን የሚሸከመውን የደማችንን ክፍል ከኦክስጅን ከ200 ጊዜ በላይ በሚበልጥ ኃይል ይጣበቀዋል። ሰውየው አየር እየሳበ፣ ሰውነቱ ግን ኦክስጅን ያጣል፤ ተኝቶ ከሆነ ሳይነቃ ይቀራል። «ከሰሉ ቀልቶ ጢሱ ከጠፋ አይጎዳም» የሚባለውም ስሕተት ነው፤ የቀላውም ፍም ጋዙን ያወጣል። ስለዚህ ከሰል የሚጣደው በረንዳ ላይ ወይም ሁለት ወገን በተከፈተ ማድ ቤት ነው፤ ለመሞቂያ ብሎ ወደ መኝታ ክፍል ማስገባት ከቶ አይገባም።

ሁለተኛው የከፍታው ነገር ነው። ውኃ በባሕር ጠለል ላይ በ100 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ይፈላል። ወደ ላይ በወጣን ቁጥር የአየር ግፊት ስለሚቀንስ፣ የሚፈላበት ሙቀት በየ300 ሜትሩ 1 ዲግሪ ያህል ይወርዳል። በመካነ ሰላም እንግዲህ ውኃ የሚፈላው በ91 ዲግሪ ገደማ ነው። እሳቱን ብናበዛው ውኃው ቶሎ ተንኖ ያልቃል እንጂ ከዚያ በላይ አይሞቅም። ከእሽጉ ላይ «8 ደቂቃ» ተብሎ የተጻፈውን አምኖ ፓስታውን የሚያወጣ ተማሪ ጥሬ የሚበላው ስለዚህ ነው። በደጋ አገር ትዕግሥትና ክዳን ያስፈልጋል።

አሁን ወደ አሠራሩ እንግባ። ለአራት ሰው የሚበቃው ይህ ነው፦ መካከለኛ ቀይ ሽንኩርት 2፣ ነጭ ሽንኩርት 4 ፍሬ፣ የአውራ ጣት ጫፍ የምታህል ዝንጅብል፣ የምስር ክክ አንድ የሻይ ብርጭቆ፣ ድንች 2፣ ካሮት 1፣ የበሰለ ቲማቲም 2፣ ዘይት 3 የሾርባ ማንኪያ፣ ፓስታ 200 ግራም ያህል፣ ማለትም ከግማሽ ኪሎው እሽግ ከግማሹ ትንሽ ያነሰ። ውኃው አንድ ባለ ሁለት ሊትር ሃይላንድ ሙሉ ነው።

ምስሩን ለቅማችሁ እጠቡትና ሌላውን እስክታዘጋጁ ድረስ ዘፍዝፉት። ቀይ ሽንኩርቱን አድቅቃችሁ ከትፋችሁ በደረቁ ድስት ውስጥ አቁላሉት፤ ሊይዝ ሲል ጠብታ ውኃ ጣል አድርጉበት። ሲለሰልስ ዘይቱን፣ ቀጥሎም የተወቀጠውን ነጭ ሽንኩርትና ዝንጅብል ጨምሩ። ለጤነኛ ሰው ግማሽ ማንኪያ በርበሬ እዚህ ላይ ይገባል፤ ለታመመ ግን ቀርቶ በመጨረሻ ጥቂት ቁንዶ በርበሬ ቢነሰነስበት ይበቃል። ከዚያም ምስሩንና ውኃውን ጨምራችሁ ክደኑት።

ቲማቲሙን አብራችሁ እንዳታስገቡ አደራ። የቲማቲም ኮምጣጣነት የጥራጥሬን ልጣጭና ሥጋ አያይዞ የሚያቆመው ነገር እንዳይሟሟ ያደርጋል፤ የእኛ ምስር ጠጠር ሆኖ የቀረው በዚህ ምክንያት ነበር። ምስሩ ፈርሶ ውኃው ሲወፍር፣ ይኸውም ከ25 እስከ 30 ደቂቃ ገደማ ነው፣ ያን ጊዜ ቲማቲሙን፣ በትንንሹ የተቆረጠውን ድንችና ካሮት ጨምራችሁ ሌላ 15 ደቂቃ ተዉት።

ፓስታው የሚገባው ከሁሉ በኋላ ነው። ድስቱ ደኅና አድርጎ ሲፍለቀለቅ ፓስታውን በጣት ቁመት ሰባብራችሁ በትኑበት፤ የመጀመሪያዎቹን ሁለት ደቂቃዎች ሳታቋርጡ አማስሉ። የፓስታው ገላ በስታርች የተሞላ ነውና ሳይማሰል ከቆየ ስታርቹ ይላቀቅና እርስ በርሱ ያጣብቀዋል። ከ12 እስከ 15 ደቂቃ ይበስላል፤ ጥርስ ላይ በመሞከር ይታወቃል። ጨው በመጨረሻ ቅመሱና ጨምሩ። እሳቱ ከወረደም በኋላ ፓስታው መረቁን መምጠጡን አያቆምምና ቀጠን ብሎ ሳለ አውርዱት። ለነገ የሚተርፍ ካለ የፈላ ውኃ ጨምራችሁ አሙቁት።

ይህ ሾርባ ሥጋ የለበትም፤ ሆኖም ጎደሎ ነው አይባልም። ስንዴ ላይሲን የሚባለው የፕሮቲን ክፍል ያንሰዋል፤ ምስር ደግሞ ይህንኑ በብዛት ይዞ በሌላው ወገን ያንሰዋል። ሁለቱ በአንድ ድስት ሲገናኙ አንዱ የሌላውን ጉድለት ይሞላል።

ፓስታ የሚገዛበት ገንዘብ ያጠረው፣ ወይም እጁን መፈተን የሚሻ፣ በቤት ሊሠራው ይችላል። አገራችን የስንዴና የገብስ አገር ናትና ዱቄት አይጠፋም። ሁለት የሻይ ብርጭቆ የስንዴ ዱቄት በቁንጥር ጨውና በጥቂት ውኃ ጠንከር አድርጎ ማቡካት ነው፤ ጾም ካልሆነ አንድ እንቁላል ቢገባበት ይጠነክራል። 10 ደቂቃ ያህል አሽታችሁ በጨርቅ ሸፍናችሁ ግማሽ ሰዓት አሳርፉት። ከዚያ በኋላ በንጹሕ ጠርሙስ ዳምጣችሁ፣ ዱቄት ነስንሳችሁ፣ አጥፋችሁ በቢላዋ እንደ ክር ቁረጡት። በሚፈላው ሾርባ ውስጥ ከ5 እስከ 7 ደቂቃ ይበቃዋል። ሊጡን የሚስበው በስንዴ ውስጥ ያለው ግሉተን ነው፤ ጤፍ ይህ ስለሌለው ክር አይወጣውም። የወፍጮ ቤቱ ዱቄት ብቻውን እንዳይበጣጠስባችሁ እኩሌታውን ፉርኖ ዱቄት ቀላቅሉበት፤ ክሩን የሚበጣጥሰው ገለባው ነው።

«እንዶሚ እያለ ይህ ሁሉ ድካም ለምን?» የሚል አይጠፋም። በውኃ ቶሎ የሚደርሰውን ፓስታ ሞሞፉኩ አንዶ የተባለ ሰው በጃፓን አገር በ1950 ዓ.ም. ለገበያ አቀረበው፤ ክሩን አስቀድሞ አብስሎ በዘይት በመጥበስ ማድረቁ ነው ጥበቡ። እኛም በፈተና ሰሞን እንበላዋለን፤ አናወግዘውም። ነገር ግን በትንሿ ከረጢት ያለው ቅመም ጨው ይበዛበታልና እኩሌታውን ብቻ መጨመር ይሻላል። ደግሞም አንዳንዱ ቅመም፣ እንዲሁም አንዳንዱ ማጊ፣ ከዶሮ ወይም ከሌላ እንስሳ የተገኘ ነገር አለበት። ለጾመኛም ለሙስሊም ጓደኛም ከማቅረብ በፊት ጽሑፉን ማንበብ ይገባል።

የሾርባው ታሪክ ራሱ ያስደስታል። «ሾርባ» የሚለው ቃል ከዐረብኛ የመጣ ሲሆን፣ በረመዳን ማፍጠሪያ ላይ ከቴምር ቀጥሎ የሚጠበቀው እርሱ ነው። «ፓስታ»ና «መኮሮኒ» የጣሊያንኛ ቃላት ናቸው፤ ምግቡም ከ1928 እስከ 1933 ዓ.ም. ከነበረው ወረራ ወዲህ በየከተማው ተስፋፍቶ ቀርቷል። ወራሪው ተባረረ፤ ፓስታው ግን በበርበሬ ተጠምቆ የአገር ሰው ሆነ። ከእነዚህ ሁሉ በፊት ደግሞ እናቶቻችን ለአራስና ለታመመ የገብስ ሙቅ ያቀርቡ ነበር፤ ዛሬም ያቀርባሉ። ስለዚህ ለታመመ ሰው ትኩስ ቀጭን ነገር ማቅረብ ከሌላ የተማርነው አይደለም፤ እኛ ተማሪዎች እናት ቤት ትተነው የመጣነው ነው።

ለምን ትተነው መጣን? ወንዶቹ በተለይ መልሱን እናውቀዋለን። «ማድ ቤት የወንድ ቦታ አይደለም» ተብለን አደግን። ስለዚህ ዛሬ ሲርበን ወይም ሲያመን የክፍላችንን ሴቶች ጠርተን «እባካችሁ አንድ ነገር ሥሩልን» እንላለን፤ እነርሱም እንደ እኛው ነገ ፈተና አለባቸው። ስለ እኩልነት በክርክር መድረክ ላይ አፋችንን ሞልተን እየተናገርን፣ ሽንኩርት ለመክተፍ እኅት መጥራት የሚያሳፍር ነው። እትዬ ያን ዕለት ቢላዋውን ለእኛ ሲሰጡ «ለነገም ለከነገወዲያም እኔ አልኖርላችሁም» ብለውን ነበር።

ስለ ታመመው ጓደኛችን ነገሩን እንጨርስ። በዚያው በማግስቱ ጠዋት ወደ ሕክምና ወስደነው ደሙ ሲመረመር ወባ ተገኘበት። «ብርድ ነው» ብለን ጋቢ መደረባችን ትክክል አልነበረም፤ ከቆላ የተመለሰ ሰው ትኩሳት ሲይዘው ሳይውል ሳያድር መመርመር አለበት። ያዳነው መድኃኒቱ ነው፤ ሾርባ ወባን አይፈውስም። ነገር ግን ከሕክምና ሲመለስ መድኃኒቱን የሚውጥበት ባዶ ሆድ ነበረውና፣ በረንዳው ላይ የተሠራውን ሾርባ በሁለት ቀን ውስጥ ለመጀመሪያ ጊዜ ጠጣ።

ከሁለት ቀን በኋላ ኅዳር 15 የነቢያት ጾም ገባ። ሁለታችን ጾመኞች ሆንን፤ ሁለታችን ደግሞ አልሆንንም። ድስታችን ግን ያው አንዱ ነበር፤ ከዚያ ድስት እንዳይበላ የሚከለከል ከመካከላችን አልነበረምና አራታችንም በአንድ ሳሕን ዙሪያ ተቀመጥን። እትዬም ቀምሰው «ጨው ቢያንሰውም ሾርባ ሆኗል» ብለው መሰከሩልን።

ወንድሞቻችንና እኅቶቻችን ሆይ! ከእናንተ መካከል ድስት ያላችሁ ሁሉ፣ ጓደኛ ሳይታመም በፊት አንድ ቀን ሞክሩት። ከሰሉን ግን በረንዳ ላይ ጣዱት።